ሃይማኖትና መድኃኒት በአንድ ብራና፦ የኢትዮጵያ ጥንታውያን መጻሕፍት በሚኒሶታ

የሰው ሕይወት በምን ላይ እንደቆመ፣ ጤናው በምን እንደሚጠበቅና እምነቱ ምን እንደሚያስተምር የሚያስረዱ የቆዩ መጻሕፍት በዘመናዊው ዓለም በየዘርፋቸው ተለያይተው ይቀመጣሉ። በአሜሪካ በሚኒሶታ ግዛት መንታ ከተሞች በሚባሉት በሚኒያፖሊስና በሴንት ፖል ይህ አከፋፈል ጎልቶ ይታያል፤ የጥንት የሕክምና መጻሕፍትን ማየት የሚሻ ሰው በሚኒያፖሊስ የሚኒሶታ ዩኒቨርሲቲ ወዳቋቋመው ወደ ዋንገንስቲን የሥነ ሕይወትና የሕክምና ታሪክ ቤተ መጻሕፍት ሲያመራ፣ የነገረ መለኮት መጻሕፍትን የሚፈልገው ደግሞ በሴንት ፖል ወደሚገኘው ወደ ሉተር ሴሚናሪ ይሄዳል። ከሁለቱ ከተሞች በስተሰሜን ምዕራብ 130 ኪሎ ሜትር ያህል ርቆ ኮሌጅቪል በተባለ ስፍራ፣ በቅዱስ ዮሐንስ የቤነዲክቶሳውያን ገዳም ውስጥ የሚገኘው ሂል ቤተ መዘክርና የብራና መጻሕፍት ቤት ግን ከ9,000 በላይ የኢትዮጵያ ብራና መጻሕፍትን የፎቶግራፍ ቅጂ ይዟል፤ በእነዚህም መጻሕፍት ውስጥ የተፈጥሮ ትምህርት፣ የሕመም መድኃኒትና ትምህርተ ሃይማኖት በአንድ ጥራዝ፣ አንዳንዴም በአንድ ቅጠል ላይ ጎን ለጎን ተጽፈው ይገኛሉ።

ይህ አንድነት ጸሐፊዎቹ ነገሮችን መለየት ስላልቻሉ የመጣ አይደለም። የሰውን አካል፣ የሰውን ነፍስና የፈጣሪን ሥራ በአንድ ሥርዓት ከሚመለከት ትምህርት የመነጨ ነው፤ ስለዚህ መጻሕፍቱን በሚገባ ለመረዳት አስቀድሞ ያን ትምህርት ማወቅ ያስፈልጋል።

ሰው ከሰባት ባሕርያት

በኢትዮጵያ ኦርቶዶክስ ተዋሕዶ ቤተ ክርስቲያን ትምህርት የሁሉ መነሻ ሥነ ፍጥረት ነው፤ ይህም ከእሑድ እስከ ዓርብ ባሉት ስድስት ቀናት እግዚአብሔር የፈጠራቸውን 22 ፍጥረታት በየዕለታቸው የሚዘረዝር ትምህርት ነው። በእሑድ 8፣ በሰኞ 1፣ በማክሰኞ፣ በረቡዕና በሐሙስ ሦስት ሦስት፣ በዓርብ ደግሞ 4 ፍጥረታት ተፈጠሩ ይላል። ከእሑድ ፍጥረታት መካከል ቀዳሚዎቹ አራቱ ባሕርያት ማለትም እሳት፣ ነፋስ፣ ውሃና መሬት ሲሆኑ፣ የማክሰኞዎቹ በእጅ የሚለቀሙ አትክልት፣ በማጭድ የሚታጨዱ አዝርዕትና በምሳር የሚቆረጡ ዕፀዋት ናቸው። ስለ ስድስቱ ቀናት ፍጥረት በሰፊው የሚናገረውና በቆጵሮሱ ኤጲስ ቆጶስ በኤጲፋንዮስ ስም የሚጠራው አክሲማሮስ የተባለው መጽሐፍ ከዚህ ትምህርት ምንጮች አንዱ ነው።

የዚሁ ትምህርት ማዕከል ሰው ነው። ሊቃውንቱ እንደሚያስተምሩት ሰው ከሰባት ባሕርያት ተፈጥሯል፤ ሥጋው ከእሳት፣ ከነፋስ፣ ከውሃና ከመሬት ሲሆን፣ ነፍሱ ደግሞ ልብ፣ ቃልና እስትንፋስ የተባሉ ሦስት ባሕርያት አሏት። አራቱ የሥጋ ባሕርያት እርስ በርሳቸው የሚቃረኑ ናቸው፤ እሳት ከውሃ፣ ነፋስም ከመሬት አይስማማም፤ በሰው አካል ውስጥ ተስማምተው የሚኖሩት በፈጣሪ ጥበብ እንደሆነ ይነገራል። ሦስቱ የነፍስ ባሕርያት ደግሞ ለምሥጢረ ሥላሴ ምሳሌ ሆነው ይተረጎማሉ፤ ልብ ለአብ፣ ቃል ለወልድ፣ እስትንፋስ ለመንፈስ ቅዱስ። ስለዚህ ስለ ሰው አካል የሚናገረው ትምህርት ሳይቋረጥ ስለ እግዚአብሔር ወደሚናገረው ትምህርት ያደርሳል።

ስለ አራቱ ባሕርያት የሚነገረው ሐሳብ በኢትዮጵያ ብቻ የተወሰነ አልነበረም። በ2ኛው መቶ ዘመን የኖረው ግሪካዊ ሐኪም ጋሌኖስ የሂፖክራጥስን ትምህርት ተከትሎ ጤናን የአራት ፈሳሾች ማለትም የደም፣ የአክታ፣ የቢጫ ሐሞትና የጥቁር ሐሞት መመጣጠን አድርጎ አስረድቷል፤ ይህም አመለካከት በግሪክ፣ በሶርያና በዐረብ ሊቃውንት እጅ አልፎ የአውሮፓን ሕክምና ከአንድ ሺህ ዓመት በላይ ገዝቷል። በዋንገንስቲን ቤተ መጻሕፍት ያሉት የአውሮፓ የሕክምና መጻሕፍትና በኮሌጅቪል ያሉት የግእዝ መጻሕፍት በዚህ ረገድ የሩቅ ዘመዳሞች ናቸው። ልዩነታቸው አውሮፓ የአካልን ትምህርት ቀስ በቀስ ከነገረ መለኮት ለይታ ለብቻው ስታቆመው፣ የኢትዮጵያ ሊቃውንት ከሥነ ፍጥረትና ከምሥጢረ ሥላሴ ጋር አቆራኝተው ማቆየታቸው ነው።

የእምነት መሠረት የሆኑት መጻሕፍት

የኢትዮጵያ ቤተ ክርስቲያን ትምህርተ ሃይማኖቷን በአምስት አዕማደ ምሥጢር ታጠቃልለዋለች፤ እነርሱም ምሥጢረ ሥላሴ፣ ምሥጢረ ሥጋዌ፣ ምሥጢረ ጥምቀት፣ ምሥጢረ ቁርባንና ምሥጢረ ትንሣኤ ሙታን ናቸው። ዓምድ መባላቸው ቤት በምሰሶ እንደሚቆም እምነትም በእነዚህ የሚጸና ስለሆነ ነው። እነዚህን ምሥጢራት ከሚያስረዱት መጻሕፍት ቀዳሚው በአክሱም ዘመን ከግሪክ የተተረጎመውና በእስክንድርያው ሊቀ ጳጳሳት ስም የሚጠራው ቄርሎስ ሲሆን፣ ከዐረብኛ የተተረጎመው ሃይማኖተ አበው ደግሞ የብዙ አባቶችን ምስክርነት በአንድ ላይ ይዟል። ከሀገር ውስጥ ድርሰቶች መካከል የጋስጫው አባ ጊዮርጊስ በ1424 እ.ኤ.አ. የፈጸሙት መጽሐፈ ምሥጢር የመናፍቃንን ትምህርት በየተራ እያነሣ መልስ የሚሰጥ ትልቅ ሥራ ነው።

በአክሱም ዘመን ከግሪክ ከተመለሱት ሌሎች ሥራዎች አንዱ ፊሳልጎስ ነው። ይህ መጽሐፍ የእንስሳትን፣ የዕፀዋትንና የድንጋዮችን ጠባይ ይተርክና ለእያንዳንዱ መንፈሳዊ ትርጉም ይሰጣል፤ ስለዚህ በአንድ በኩል የተፈጥሮ፣ በሌላ በኩል የስብከት መጽሐፍ ነው። መጽሐፈ ሄኖክም የሰማይ ብርሃናትን ጉዞ፣ የዓመቱን ቀናት ቁጥርና የመላእክትን ታሪክ አጣምሮ ይዟል። ሙሉው ሄኖክ የሚገኘው በግእዝ ብቻ እንደመሆኑ፣ ስኮትላንዳዊው ተጓዥ ጄምስ ብሩስ በ1773 እ.ኤ.አ. ከኢትዮጵያ ቅጂዎቹን ወደ አውሮፓ ከወሰደ ወዲህ ስለ መጽሐፉ የሚደረገው ምርምር በኢትዮጵያ ቅጂዎች ላይ ተመሥርቷል፤ በሙት ባሕር አካባቢ በቁምራን ዋሻዎች የተገኙት የአራማይክ ቁርጥራጮችም የመጽሐፉን ጥንታዊነት አረጋግጠዋል።

የጤና መጻሕፍት

የሕመምተኛ ጉዳይ በቤተ ክርስቲያን መጻሕፍት ውስጥ ሦስት መልክ አለው። የመጀመሪያው ሥርዓተ ጸሎት ነው፤ ከሰባቱ ምሥጢራተ ቤተ ክርስቲያን አንዱ ምሥጢረ ቀንዲል ሲሆን፣ ካህናት በመጽሐፈ ቀንዲል ጸሎት አድርሰው የታመመውን በዘይት ይቀቡታል። በዚህ ሥርዓት የሥጋ ፈውስና የኃጢአት ስርየት በአንድነት ይለመናሉ።

ሁለተኛው መጽሐፈ መድኃኒት የሚባለው ነው። የዚህ ዓይነት መጻሕፍት አብዛኛውን ጊዜ አማርኛና ግእዝ በተቀላቀለበት ቋንቋ የተጻፉ ሲሆኑ፣ አደራረጋቸውም በአጭሩ የሚከተለውን ይመስላል፤ በቅድሚያ የሕመሙ ስም ይጠቀሳል፣ ቀጥሎ የዕፁ ስምና የሚወሰደው ክፍል ማለትም ሥሩ፣ ቅጠሉ፣ ልጡ ወይም ፍሬው ይነገራል፣ ከዚያ መደቆሱ፣ መዘፍዘፉ ወይም መታጠኑ ይገለጻል፣ በመጨረሻም በማር ወይም በሌላ ነገር ለውሶ ስንት ቀን እንደሚወሰድ ይታዘዛል። እንደ ጤና አዳም፣ ዳማ ከሴና ግዛዋ ያሉት ዛሬም በየጓሮው የሚታወቁ ዕፀዋት በእነዚህ መድኃኒቶች ውስጥ ስማቸው ይነሣል። ፖላንዳዊው የሴም ቋንቋዎች ሊቅ ስቴፋን ስትሬልሲን በ1968 እና በ1973 እ.ኤ.አ. ባሳተሟቸው ሁለት ጥራዞች እነዚህን የሕክምና ጽሑፎችና የዕፀዋት ስሞች አጥንተው ለምርምር አቅርበዋቸዋል።

ኮሶ የዚህ እውቀት ጥሩ ምሳሌ ነው። የኮሶ ዛፍ አበባ ደርቆና ተፈጭቶ በውሃ ተበጥብጦ በባዶ ሆድ ሲጠጣ የኮሶ ትልን እንደሚያስወጣ በኢትዮጵያ ለዘመናት ይታወቅ ነበር፤ ጥሬ ሥጋ በሚበላበት ሀገር በየጊዜው ኮሶ መጠጣት የተለመደ የቤተሰብ ሥርዓት ሆኖ ኖሯል። በ19ኛው መቶ ዘመን ይኸው አበባ ወደ አውሮፓ ተወስዶ በይፋ የመድኃኒት መዝገቦች ውስጥ ገብቷል። ነገር ግን ኮሶ መጠኑ ሲበዛ የዓይን ነርቭን እስከ መጉዳት የሚደርስ መርዛማነት አለው፤ ስለዚህ መጽሐፉ ላይ ያለውን መድኃኒት አንብቦ በራስ ላይ መሞከር አደገኛ ነው። የልማድ እውቀት ወደ ሳይንስ የሚሻገርበት መንገድ ምርመራ እንደሆነ ዶክተር አክሊሉ ለማ አሳይተዋል፤ በ1964 እ.ኤ.አ. በአድዋ ሰዎች በእንዶድ ልብስ ካጠቡበት ቦታ በታች ቀንድ አውጣዎች ሞተው በማየታቸው ተነሥተው፣ እንዶድ ቢልሐርዝያን የሚያስተላልፉትን ቀንድ አውጣዎች እንደሚገድል በምርምር አረጋግጠዋል።

ሦስተኛው ክታብ ነው። ክታብ በጠባብና ረጅም ብራና ላይ የሚጻፍ፣ ተጠቅልሎ በአንገት የሚንጠለጠል ወይም በቤት የሚሰቀል የጸሎት ጥቅል ሲሆን፣ ጥልሰም የሚባሉ ሥዕሎችና አስማት የሚባሉ ምሥጢራዊ ስሞች ይገኙበታል። ለደም መፍሰስ፣ ለሾተላይ፣ ለቡዳና ለዛር ተብለው የተጻፉ ክታቦች ብዙ ናቸው፤ ሕፃናትን ትገድላለች የተባለችውን ውርዝልያን ቅዱስ ሱስንዮስ እንዴት እንዳሸነፋት የሚተርከው ጸሎትም ለእናቶችና ለአራስ ልጆች ጥበቃ ይጻፍ ነበር። በዚህ ክፍል ላይ የቤተ ክርስቲያን ሊቃውንት አቋም አንድ ዓይነት ሆኖ አያውቅም። ክታቡን የሚጽፉት ደብተራዎች በዚያው በቤተ ክርስቲያን ትምህርት ቤት ያደጉ ሲሆኑ፣ ዐፄ ዘርዐ ያዕቆብ ግን በ15ኛው መቶ ዘመን በመጽሐፈ ብርሃን ጥንቆላንና አስማትን አጥብቀው አውግዘዋል። ስለሆነም ሃይማኖትና ሕክምና በአንድ ብራና ላይ ተገናኙ ማለት ሁልጊዜ ተስማሙ ማለት አይደለም።

መጻሕፍቱ ወደ ሚኒሶታ የደረሱበት መንገድ

የቅዱስ ዮሐንስ ገዳም በ1856 እ.ኤ.አ. የተመሠረተ የካቶሊክ መነኮሳት ገዳም ነው። በሁለተኛው የዓለም ጦርነት ጊዜ በየካቲት 1944 እ.ኤ.አ. የቤነዲክቶሳውያን እናት ገዳም የሆነው ሞንቴ ካሲኖ በቦምብ መፍረሱና ከዚያም በኋላ በቀዝቃዛው ጦርነት የነበረው የኑክሌር ስጋት፣ በየገዳማቱ ያሉት መጻሕፍት በአንድ ቀን ሊጠፉ እንደሚችሉ መነኮሳቱን አሳሰባቸው። በ1965 እ.ኤ.አ. አባ ኦሊቨር ካፕስነር የተባሉ መነኩሴ በኦስትሪያ በክሬምስሙንስተር ገዳም የማይክሮፊልም ሥራ ጀመሩ። ማይክሮፊልም የመጽሐፍን ገጽ በእጅጉ አሳንሶ በጥቁርና ነጭ ፊልም ላይ የሚያስቀር የፎቶግራፍ ዘዴ ሲሆን፣ በሚገባ ከተቀመጠ ለረጅም ዘመን አይበላሽም። ተቋሙ የዛሬ ስሙን ያገኘው ከሴንት ፖሉ የባቡር ሐዲድ ከበርቴ ከጄምስ ጄ. ሂል ቤተሰብ ሲሆን፣ የቤተሰቡ ፋውንዴሽን ለሥራው የገንዘብ ድጋፍ አድርጓል።

በ1973 እ.ኤ.አ. የኢትዮጵያ ኦርቶዶክስ ተዋሕዶ ቤተ ክርስቲያን፣ የኮሌጅቪሉ ተቋምና በቴነሲ ግዛት የሚገኘው ቫንደርቢልት ዩኒቨርሲቲ በጋራ የኢትዮጵያ የብራና መጻሕፍት የማይክሮፊልም ሥራን በአዲስ አበባ ጀመሩ። ከአንድ ዓመት በኋላ አብዮቱ ቢፈነዳም ሥራው አልቆመም፤ እስከ 1990ዎቹ መጀመሪያ ድረስ በአዲስ አበባ፣ በሸዋ፣ በወሎና በሌሎች አካባቢዎች ካሉ ገዳማት፣ አድባራትና ግለሰቦች የተገኙ ከ9,000 በላይ መጻሕፍት ተነሡ። ከእነዚህ መካከል የሐይቅ እስጢፋኖስ መምህር የነበሩት አባ ኢየሱስ ሞዓ በ13ኛው መቶ ዘመን መጨረሻ ለገዳሙ የሰጡት ወንጌል ይገኛል። ፊልሙ በኢትዮጵያም በአሜሪካም ተቀመጠ፤ ብራናዎቹ ግን ከባለቤቶቻቸው እጅ አልወጡም። ይህ ልዩነት መታወቅ ያለበት ነው፤ በ1868 እ.ኤ.አ. ከመቅደላ በእንግሊዝ ጦር ከተዘረፉት መጻሕፍት በተለየ ወደ ሚኒሶታ የሄደው ምስል ብቻ ነው።

በዚህ ታሪክ ውስጥ አንድ የሚያስገርም ጉዳይ አለ። ሃይማኖተ አበውን የመሳሰሉ መጻሕፍት በ451 እ.ኤ.አ. በኬልቄዶን የተደረገውን ጉባኤ አጥብቀው የሚቃወሙ ሲሆኑ፣ መጻሕፍቱን በፊልም አስነሥተው የሚጠብቁት ግን ያንን ጉባኤ የሚቀበሉ ካቶሊካውያን መነኮሳት ናቸው። በ17ኛው መቶ ዘመን በኢየሱሳውያን ሚስዮናውያን ምክንያት በሀገሪቱ ከፈሰሰው ደም አንጻር ሲታይ፣ የአንዱ ቤተ ክርስቲያን መነኮሳት የሌላውን የክርክር መጽሐፍ ሳያዛቡ መጠበቃቸው በሁለቱ ግንኙነት ውስጥ ቀላል የማይባል ምዕራፍ ነው።

የፕሮፌሰር ጌታቸው ኃይሌ ሥራ

ፊልሙን ሊነበብ ወደሚችል ሀብት የለወጡት ፕሮፌሰር ጌታቸው ኃይሌ ናቸው። በ1931 እ.ኤ.አ. በሸዋ የተወለዱት ጌታቸው በአዲስ አበባ፣ በካይሮና በጀርመን ቱቢንገን ተምረው በቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ዩኒቨርሲቲ ያስተምሩ ነበር። በ1975 እ.ኤ.አ. የደርግ ወታደሮች በቤታቸው ተኩሰው አከርካሪያቸውን ስላቆሰሏቸው ቀሪ ዘመናቸውን በተሽከርካሪ ወንበር ለመኖር ተገደዱ። በ1976 እ.ኤ.አ. ወደ ኮሌጅቪል ሄደው፣ ዊልያም ማኮምበር የተባሉ ሊቅ የጀመሩትን የካታሎግ ሥራ መጀመሪያ ከእርሳቸው ጋር፣ በኋላም ለብቻቸው ቀጠሉ፤ የመጀመሪያዎቹን 5,000 መጻሕፍት የሚገልጹ 10 ጥራዞችም ታተሙ። በ1988 እ.ኤ.አ. የማክአርተር ሽልማት ተሰጣቸው፤ እስከ ዕለተ ሞታቸው እስከ ሰኔ 2021 እ.ኤ.አ. ድረስም በጽሑፍ ሥራ ላይ ነበሩ። ለአማርኛ አንባቢም ባሕረ ሐሳብንና ደቂቀ እስጢፋኖስን የመሳሰሉ መጻሕፍት አበርክተዋል።

የካታሎጉ አሠራር ለጤና መጻሕፍት ልዩ ጥቅም ነበረው። የአንድ መጽሐፍ መግለጫ የመጽሐፉን ቁጥር፣ የተገኘበትን ቦታ፣ መጠኑን፣ የቅጠሉን ብዛትና የተጻፈበትን ዘመን ካስቀመጠ በኋላ ይዘቱን በየተራ ይዘረዝራል፤ በመጨረሻም ከዋናው ጽሑፍ ውጭ በባዶ ቅጠሎችና በኅዳጎች ላይ የተጨመሩትን ማስታወሻዎች ይመዘግባል። ለምሳሌ አንድ ዳዊት መዝሙሮቹን፣ መኃልየ ነቢያትን፣ መኃልየ መኃልይን፣ ውዳሴ ማርያምንና አንቀጸ ብርሃንን ይይዛል፤ ይህ በአብዛኞቹ ዳዊቶች ያለ ነው። ከፊትና ከኋላ ባሉት ባዶ ቅጠሎች ላይ ግን የልጅ ልደት፣ የርስት ሽያጭ፣ የብድር ውል ወይም የራስ ምታት መድኃኒት ተጽፎ ሊገኝ ይችላል፤ ብራና ውድ ስለነበረ ባዶ ቅጠል የሚያልፍ ሰው አልነበረም። ዋናውን ጽሑፍ ብቻ የሚመዘግብ ካታሎግ ቢሆን ኖሮ እንዲህ ዓይነቱ ዳዊት ከሌሎቹ ሳይለይ ይታለፍ ነበር፤ የመድኃኒቱም ማስታወሻ በጸሎት መጽሐፍ ውስጥ ተቀብሮ በቀረ ነበር።

ሴንት ፖልና ቄስ ጉዲና ቱምሳ

ሥጋንና ነፍስን በአንድ የማየት አስተሳሰብ በጥንታውያኑ ብራናዎች ብቻ የተወሰነ አይደለም። የኢትዮጵያ ወንጌላዊት ቤተ ክርስቲያን መካነ ኢየሱስ ዋና ጸሐፊ የነበሩት ቄስ ጉዲና ቱምሳ በወጣትነታቸው በነቀምት ሆስፒታል የሕክምና ረዳት ሆነው ሠርተዋል፤ በኋላም በ1960ዎቹ በሴንት ፖል በሉተር ሴሚናሪ ነገረ መለኮት ተምረው በ1966 እ.ኤ.አ. ወደ ሀገራቸው ተመለሱ። በ1972 እ.ኤ.አ. በእርሳቸው ዘመን መካነ ኢየሱስ ለምዕራባውያን አጋሮቿ በላከችው ደብዳቤ ለስብከት የሚሰጠውን ገንዘብ ለልማትና ለጤና ከሚሰጠው መለያየት የሰውን ምሉዕነት እንደሚከፋፍል ተከራክራለች። ቄስ ጉዲና በ1979 እ.ኤ.አ. በደርግ ታፍነው ተገድለዋል። የእርሳቸው ቤተ ክርስቲያን ከኦርቶዶክሱ ባህል የተለየች ብትሆንም፣ ሐኪም ቤትንና ቤተ ክርስቲያንን የሚያይ ዓይን አንድ መሆን አለበት የሚለው ክርክር ከአምስቱ አዕማደ ምሥጢርና ከሰባቱ ባሕርያት ትምህርት ብዙም አይርቅም።

ለዛሬው አንባቢ

የኮሌጅቪሉ ተቋም መጻሕፍቱን በኢንተርኔት የንባብ ክፍል በነጻ በማቅረብ ላይ ስለሆነ፣ በሚኒያፖሊስ የሚኖር ዲያቆንም ሆነ በደብረ ማርቆስ የሚማር ተማሪ ተመዝግቦ ገጾቹን ማየት ይችላል። በመንታ ከተሞች ብዙ ኢትዮጵያውያን ይኖራሉ፤ በሰንበት ትምህርት ቤቶች አማርኛና ግእዝ የሚማሩ በዚያው የተወለዱ ልጆችም አሉ። ይሁን እንጂ ምስሉ መገኘቱ ብቻውን በቂ አይደለም። የኢትዮጵያ ሊቃውንት ባህል መጽሐፍን ከመምህር አይለይም፤ ንባቡ በአንድምታ ማለትም በቃል በሚተላለፍ ትርጓሜ ይብራራል፣ የመድኃኒቱም መጠን፣ የዕፁ መለያና የሚለቀምበት ጊዜ ከመጽሐፉ ይልቅ በባለሙያው አእምሮ ውስጥ ይገኛል። ማይክሮፊልሙ በብራናው ላይ ያለውን ሲያድን፣ በቃል ያለውን ማዳን አይችልም።

ስለዚህ ቀሪው ሥራ የፎቶግራፍ ሥራ አይደለም። የግእዝ መምህራን፣ የዕፀዋት ተመራማሪዎች፣ ሐኪሞችና የነገረ መለኮት ሊቃውንት አንድን መጽሐፍ በአንድ ጠረጴዛ ዙሪያ ሲያነቡት ብቻ የመጽሐፉ ሙሉ ትርጉም ይወጣል፤ ነገረ መለኮቱን ትቶ ዕፁን ብቻ የሚፈልግ ተመራማሪ መድኃኒቱ ለምን እንደዚያ እንደታዘዘ አይረዳም፣ ዕፁን ንቆ ጸሎቱን ብቻ የሚያነብ ሰውም ጸሐፊዎቹ ሰውን ምን ያህል በሥጋው ጭምር እንዳከበሩት ያልፈዋል። መምህራኑ በሕይወት ሳሉ ይህ ንባብ ካልተጀመረ፣ በኮሌጅቪል የተቀመጡት ፊልሞች ፊደላቸው የሚነበብ፣ ምሥጢራቸው ግን የማይታወቅ መዝገብ ሆነው ይቀራሉ።